ሩት የተደረገ አንድሮይድ ስልክን ወደ ፋብሪካ ሶፍትዌሩ የመመለስ የአሠራር መመሪያ

«ስልኬ ሩት ተደርጓል፤ የባንክ መተግበሪያዬ አልከፍትም አለኝ፤ ፋክተሪ ሪሴት ባደርገው ይስተካከላል?» የሚል ጥያቄ በተደጋጋሚ ይደርሰኛል። መልሱ አይስተካከልም ነው። ሩት ማለት አምራቹ የዘጋውን፣ ስልኩን ሙሉ በሙሉ የማዘዝ ሥልጣን መክፈት ነው። ፋክተሪ ሪሴት የሚያጠፋው ፎቶዎን፣ መልእክትዎንና የጫኗቸውን መተግበሪያዎች የሚይዘውን የዳታ ክፍል ብቻ ሲሆን፣ ሩቱ ግን በዛሬዎቹ ስልኮች ላይ የሚቀመጠው ስልኩ ሲበራ አስቀድሞ በሚነበበው የቡት ክፍል ውስጥ ነው። በዚህ ምክንያት ሪሴት ያደረገ ሰው ፎቶዎቹን ያጣል፤ ሩቱ ግን እዚያው ይቀራል። ሩት ማንሳት ማለት የተነካካውን ቡት ኢሜጅ (የቡት ክፍሉን ይዘት የያዘውን ፋይል) አውጥቶ በቦታው የአምራቹን ኦሪጅናል ኢሜጅ መመለስ ማለት ነው። ከዚህ በታች ያሉት ደረጃዎች ሁሉ ይህን ለማዘጋጀት፣ ለመፈጸም ወይም መፈጸሙን ለማረጋገጥ የተቀመጡ ናቸው።

መመሪያው በዋናነት የሚያገለግለው ማጂስክ በተባለው መሣሪያ ሩት ለተደረጉ ስልኮች ነው። ኮምፒውተር በሚያስፈልግበት ክፍል ሳምሰንግን በዝርዝር አሳያለሁ፤ ብዙ ጥያቄ የሚመጣው ከሳምሰንግ ባለቤቶች ነውና። ለፒክስል፣ ለሻዎሚ፣ ለቴክኖና ለኢንፊኒክስ ደግሞ ልዩነቱን ብቻ እጠቅሳለሁ።

ማስጠንቀቂያ

ከሁሉም በላይ ይህን ይያዙ፦ ኦሪጅናሉ ሶፍትዌር ሙሉ በሙሉ ተመልሶ ስልኩ በትክክል መነሣቱን በዓይንዎ ሳያዩ ቡትሎደሩን (ስልኩ ሲበራ ሶፍትዌሩን የሚያስነሣውን ፕሮግራም) በፍጹም አይቆልፉ። ቡትሎደር ሲቆለፍ ስልኩ በበራ ቁጥር የቡት ኢሜጁን የአምራች ፊርማ ይመረምራል፤ ፊርማው ካልተስማማ አያስነሣውም። ሩት እንዳለ የተቆለፈ ስልክ ወደ ሥራ ላይመለስ ይችላል።

ሁለተኛ፣ ቡትሎደር መቆለፍ በስልኩ ውስጥ ያለውን መረጃ በሙሉ ያጠፋል። ይህ የሚሆነው በስህተት አይደለም፤ የአንድሮይድ የደኅንነት ሥርዓት እንዲህ ተደርጎ የተሠራ ነው። በሌላ ቦታ ያላስቀመጡት ነገር አይመለስም።

ሦስተኛ፣ ስልክዎ ሳምሰንግ ከሆነ የኖክስ (የሳምሰንግ የደኅንነት ሥርዓት) ምልክት አንዴ ከተለወጠ ወደ ነበረበት አይመለስም። ምልክቱ በስልኩ ሰሌዳ ላይ ባለ የሚቃጠል ፊውዝ የሚመዘገብ ስለሆነ ማንኛውም ሶፍትዌር አያድሰውም። ሩቱን ካነሱ በኋላም እንደ ሴኪዩር ፎልደርና እንደ ሳምሰንግ ፔይ ያሉ በኖክስ ላይ የቆሙ አገልግሎቶች አይሠሩም። «ኖክሱን እመልስልሃለሁ» ብሎ ገንዘብ የሚጠይቅ ሰው ካጋጠመዎት አይክፈሉ።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

- ባትሪው ቢያንስ 60 በመቶ የሞላ ስልክ።
- ዊንዶውስ ያለው ላፕቶፕ፣ ባትሪው የሚሠራ። ዴስክቶፕ ከሆነ ዩፒኤስ ያስፈልጋል። ሶፍትዌሩ ግማሽ ላይ ደርሶ መብራት ከሄደ ስልኩ ሳይነሣ ሊቀር ይችላል።
- ከስልኩ ጋር የመጣ ወይም ጥራት ያለው፣ ዳታ የሚያስተላልፍ የዩኤስቢ ኬብል። ቻርጅ ብቻ የሚያደርጉ ርካሽ ኬብሎች አሉና ፎቶ ወደ ኮምፒውተር በመገልበጥ አስቀድመው ይሞክሩት።
- የስልኩ አምራች የዩኤስቢ ድራይቨር።
- የስልክዎ ሙሉ ፈርምዌር፣ ማለትም አምራቹ ለስልኩ ያዘጋጀው ሙሉ ሶፍትዌር። ብዙ ጊዜ ብዙ ጊጋባይት ስለሚሆን፣ በሞባይል ዳታ የሚያወርዱ ከሆነ የማይቋረጥበትን ሰዓትና በቂ ፓኬጅ አስቀድመው ያስቡ።
- በስልኩ ላይ ያለው የጉግል አካውንት ስምና የይለፍ ቃል።

የመጨረሻውን ነጥብ ብዙ ሰው ይዘለዋል። የስልኩ መረጃ ከሪከቨሪ (ስልኩ ሳይነሣ ከሚከፈተው የጥገና ገጽ) ወይም በፍላሽ (ሶፍትዌሩን ከኮምፒውተር በመጫን) ከጠፋ በኋላ ስልኩ ሲነሣ ቀድሞ የነበረውን የጉግል አካውንት ይጠይቃል፤ የይለፍ ቃሉ ከሌለዎት የራስዎ ስልክ ይዘጋብዎታል። ስልኩን ሁለተኛ እጅ ከገዙት ደግሞ በውስጡ ያለው አካውንት የእርስዎ መሆኑን አሁኑኑ ያረጋግጡ።

ደረጃ 1፦ ስልኩ በምን ዘዴ ሩት እንደተደረገ ይለዩ

ዘዴው ካልታወቀ ማንሻውም አይታወቅም። የመተግበሪያ ዝርዝሩን ይክፈቱና ማጂስክ፣ ከርነል ኤስዩ፣ ኤፓች፣ ሱፐር ኤስዩ ወይም ኪንግሩት የሚል ስም ይፈልጉ። ማጂስክ ራሱን በሌላ ስም መደበቅ ይችላል፤ ሲደበቅ ሳይቀይሩት የሚወጣው ስም «ሴቲንግስ» ስለሆነ፣ በስልክዎ ላይ ሁለት «ሴቲንግስ» ካዩ አንደኛው ማጂስክ ሊሆን ይችላል። ይክፈቱትና በፊት ገጹ ላይ የማጂስክ የቁጥር እትም ከታየ አግኝተውታል።

ሱፐር ኤስዩ ያለባቸው ስልኮች በአብዛኛው ያረጁ ናቸው። መተግበሪያው ውስጥ ገብተው በሴቲንጉ ታችኛ ክፍል «ፉል አንሩት» የሚለውን ቢጫኑ ሥራው ያልቃል። ኪንግሩትና መሰሎቹም የራሳቸው ማንሻ አላቸው፤ ነገር ግን የድሮዎቹ መሣሪያዎች በቀጥታ በሲስተም ክፍል ውስጥ ፋይል ይጽፉ ስለነበር ትርፍራፊ ይቀራል። ለእነዚህ የምመክረው ደረጃ 2ንና 3ን ፈጽሞ በቀጥታ ወደ ደረጃ 6 በመሄድ ሙሉ ፈርምዌር መጫን ነው። ከርነል ኤስዩና ኤፓችም ቢሆኑ የተነካውን ቡት ኢሜጅ በኦሪጅናሉ በመተካት ይነሣሉ።

ደረጃ 2፦ የስልኩን ትክክለኛ መለያ ይመዝግቡ

በሴቲንግ ውስጥ «አባውት ፎን» ይግቡና የሞዴል ቁጥሩን፣ የአንድሮይድ እትሙንና የቢልድ ቁጥሩን በወረቀት ላይ ይጻፉ። በሳምሰንግ ላይ «ሶፍትዌር ኢንፎርሜሽን» ውስጥ የሚገኘውን የአገልግሎት ሰጪ ሶፍትዌር መስመርም ይጨምሩ፤ ሲኤስሲ የሚባለው ባለ ሦስት ፊደል የአገር ወይም የቴሌኮም መለያ እዚያ ይገኛል።

ይህን የምጠይቀው የንግድ ስም ስለሚያታልል ነው። በአንድ የጋላክሲ ስም የሚሸጡ ስልኮች ለአሜሪካ፣ ለኮሪያና ለሌላው ዓለም ሲሠሩ የሞዴል ቁጥራቸው መጨረሻ ይለያያል፤ በውስጣቸው ያለው ፕሮሰሰር ጭምር የሚለይበት ጊዜ አለ። ከዱባይ፣ ከአሜሪካ ወይም ከሌላ አገር በዘመድ እጅ የመጣ ስልክ ከሆነ ከመርካቶ ከተገዛው ተመሳሳይ ስልክ ጋር አንድ ነው ብለው አይገምቱ። የሚታመነው በሴቲንጉ ውስጥና ስልኩ ዳውንሎድ ሞድ (በደረጃ 6 የሚከፈተው የሳምሰንግ የሶፍትዌር መጫኛ ገጽ) ሲገባ በማያ ገጹ ላይ የሚታየው ሞዴል ነው። ሁለቱ ካልተስማሙ የዳውንሎድ ሞዱን ይመኑ፤ የሴቲንጉ ጽሑፍ በሩት መሣሪያ ሊለወጥ ይችላልና።

ደረጃ 3፦ መረጃዎን ያውጡ

ፎቶና ቪዲዮ ወደ ኮምፒውተር ወይም ወደ ሌላ ዲስክ ይገልብጡ። ስልክ ቁጥሮች በጉግል አካውንት ላይ መቀመጣቸውን በሌላ ስልክ ወይም በኮምፒውተር ገብተው ይመልከቱ። ለዋትሳፕ ባክአፕ ያድርጉ። የቴሌግራም ተራ ውይይቶች በሰርቨር ላይ ስለሚቀመጡ ተመልሰው ይመጣሉ፤ «ሲክሬት ቻት» የሚባሉት ግን በስልኩ ላይ ብቻ ያሉ ስለሆኑ ይጠፋሉ።

ሁለት ነገሮች ግን ልዩ ጥንቃቄ ይሻሉ። አንደኛው ባለ ሁለት ደረጃ የይለፍ ኮድ የሚሰጠው የኦተንቲኬተር መተግበሪያ ነው፤ ወደ ሌላ ስልክ ሳያዛውሩት የስልኩ መረጃ ከጠፋ፣ በእሱ የሚገቡባቸው አካውንቶች ሊዘጉብዎት ይችላሉ። ሌላው የባንክ መተግበሪያ ነው። አንዳንዶቹ ከስልኩ ጋር የተሳሰሩ ስለሆኑ ዳግም ሲጫኑ አዲስ ማስጀመሪያ ኮድ ይጠይቃሉ፤ ኮዱን ለማግኘት ቅርንጫፍ መሄድ ሊያስፈልግ ስለሚችል፣ አስቸኳይ ክፍያ ባለብዎት ዕለት ወይም በበዓል ዋዜማ ይህን ሥራ አይጀምሩ።

ደረጃ 4፦ ሞጁሎችን በቅድሚያ ያስወግዱ

ማጂስክን ይክፈቱና ከታች ወዳለው «ሞጁልስ» ገጽ ይሂዱ። ሞጁል ማለት በማጂስክ በኩል በስልኩ ላይ የሚጫን ተጨማሪ ማሻሻያ ነው። በእያንዳንዱ ሞጁል ላይ የማስወገጃ ምልክቱን ይጫኑና ስልኩን ሪስታርት ያድርጉ። ብዙ ሞጁሎች ሲወገዱ በዳታ ክፍል ውስጥ የጻፉትን የሚያጸዳ የራሳቸው ማጽጃ አላቸው፤ ይህ ማጽጃ የሚሠራው ማጂስክ ገና በሕይወት እያለ ስልኩ እንደገና ሲነሣ ነው። ማጂስክን አስቀድመው ካጠፉ ማጽጃው ላይሠራ፣ ቅሪቱም እዚያው ሊቀር ይችላል።

አንድ ሞጁል ስልኩን እንዳይነሣ ካደረገው በሴፍ ሞድ ያስነሡት። ማጂስክ ሴፍ ሞድን ሲያይ ሞጁሎቹን ሁሉ ያቆማል፤ ከዚያ በመደበኛ ሁኔታ ሪስታርት አድርገው ማስወገዱን መቀጠል ይችላሉ።

ደረጃ 5፦ ሩቱን በማጂስክ በራሱ ያንሱ

በማጂስክ ፊት ገጽ ላይ «አንኢንስቶል ማጂስክ» የሚለውን ይጫኑ። ሁለት ምርጫዎች ይቀርቡልዎታል።

«ሪስቶር ኢሜጅስ» የሚለው ስልኩ ሩት ሲደረግ ማጂስክ ያስቀመጠውን ኦሪጅናል ቡት ኢሜጅ ወደ ቦታው ይመልሳል፤ መተግበሪያውን ግን አያጠፋም። የኦሪጅናሉ ቅጂ ከሌለ የመጠባበቂያ ቅጂ እንደሌለ የሚናገር አጭር መልእክት ከታች ብቅ ይላል። ይህን መልእክት ለማየት ሲባል ብቻ እንኳ መጀመሪያ ይህን ምርጫ መጫን ጠቃሚ ነው፤ ቅጂው መኖር አለመኖሩ በኋላ ምን ያህል ሥራ እንደሚጠብቅዎት ይነግርዎታልና።

ቀጥለው ስልኩን ሪስታርት ሳያደርጉ «ኮምፕሊት አንኢንስቶል» የሚለውን ይጫኑ። ጥቁር ገጽ ላይ መስመር በመስመር ጽሑፍ ይወርዳል፤ ሲጨርስ መተግበሪያው ራሱን ያጠፋል፤ ስልኩም ሪስታርት ያደርጋል። ኦሪጅናል ቅጂ ካልተገኘ በጽሑፉ መካከል የቡት ኢሜጁ ቅጂ እንደሌለና በውስጥ ባለው ቅጂ እየተመለሰ እንደሆነ የሚገልጽ መስመር ያያሉ። በዚህ ጊዜ ሩቱ ይነሣል፤ የባንክ መተግበሪያዎ ሊከፍትም ይችላል። ነገር ግን ኢሜጁ ተፈትቶ እንደገና የታሸገ ስለሆነ ከአምራቹ ኢሜጅ ጋር ባይት በባይት አንድ አይደለም። ስለዚህ በዚህ ሁኔታ ላይ ቡትሎደር መቆለፍ አይፈቀድም።

እዚህ ላይ ማቆም ይችላሉ? ሩት ብቻ እንዲነሣ ከፈለጉና የባንክ መተግበሪያዎ ከሠራ፣ አዎ። መተግበሪያው አሁንም እምቢ ካለ ግን ምክንያቱ ብዙ ጊዜ ክፍት የሆነው ቡትሎደር ነው። የጉግል ፕሌይ ኢንቴግሪቲ አገልግሎት ስልኩ የታመነ መሆን አለመሆኑን ለመተግበሪያዎች ሲናገር የቡትሎደሩንም ሁኔታ ይመለከታል፤ ሩቱ ቢነሣ እንኳ ቡትሎደሩ ክፍት የሆነ ስልክ ሙሉ ማረጋገጫ አያገኝም። እንዲህ ከሆነ ወደሚቀጥለው ደረጃ ይሂዱ።

ደረጃ 6፦ ሙሉ ፈርምዌር ይጫኑ

በሳምሰንግ ስልክ

ፈርምዌሩን ከሳምሰንግ ሰርቨር በቀጥታ በሚያወርድ መሣሪያ ያግኙ፤ ማን እንደነካካው በማይታወቅ የቴሌግራም ቻናል ላይ የተለጠፈ ፋይል አይጠቀሙ። ሞዴሉና ሲኤስሲው በደረጃ 2 ከመዘገቡት ጋር አንድ መሆን አለበት። ከዚያም በቢልድ ቁጥሩ ላይ ከመጨረሻው ወደ ኋላ ሲቆጠር አምስተኛውን ምልክት ይመልከቱ። ይህ ምልክት የቡትሎደሩ ደረጃ ነው። የሚጭኑት ፈርምዌር ደረጃ በስልኩ ላይ ካለው ጋር እኩል ወይም የሚበልጥ መሆን አለበት፤ ካነሰ ስልኩ አይቀበለውም። ሳምሰንግ ይህን ያደረገው ቀዳዳ ያለበት የድሮ ሶፍትዌር ተመልሶ እንዳይጫን ነው።

1. የሳምሰንግ ዩኤስቢ ድራይቨርን በኮምፒውተሩ ላይ ይጫኑና ኮምፒውተሩን ሪስታርት ያድርጉ።

2. የወረደውን ዚፕ ይፍቱት። ስማቸው በቢኤል፣ በኤፒ፣ በሲፒ፣ በሲኤስሲና በሆም ሲኤስሲ የሚጀምር አምስት ፋይሎች ያገኛሉ። ሞደም በሌላቸው ታብሌቶች ላይ የሲፒው ፋይል አይኖርም። ፋይሎቹን ከዚህ በላይ አይፍቱ፤ ስማቸውንም አይቀይሩ።

3. ስልኩን ያጥፉ። ድምፅ መጨመሪያውንና መቀነሻውን አንድ ላይ ተጭነው ይዘው፣ ሌላው ጫፉ ኮምፒውተር ላይ የተሰካውን ኬብል ወደ ስልኩ ይሰኩ። ሰማያዊ የማስጠንቀቂያ ገጽ ሲመጣ ድምፅ መጨመሪያውን አንዴ አጭር ይጫኑ፤ ስልኩ ዳውንሎድ ሞድ ይገባል። ይህ አሠራር የሆም ቁልፍ ለሌላቸው አዳዲስ ስልኮች ነው።

4. ኦዲንን (ፈርምዌርን ወደ ሳምሰንግ ስልክ የሚጭነውን የዊንዶውስ ፕሮግራም) ይክፈቱ። ስልኩ ከታወቀ ከላይ በስተግራ ያለው ሳጥን ሰማያዊ ይሆናል። ካልሆነ ኬብሉን በሌላ የዩኤስቢ ቀዳዳ ይሰኩ፤ ማከፋፈያ ሃብ አይጠቀሙ።

5. «ኦፕሽንስ» በሚለው ገጽ ላይ «ሪ-ፓርቲሽን» ምልክት የሌለበት መሆኑን ይመልከቱ። ይህ ምርጫ የስልኩን የማከማቻ አከፋፈል ስለሚለውጥ ለዚህ ሥራ አያስፈልግም። ሌላውን እንዳለ ይተዉት።

6. ቢኤሉን በቢኤል፣ ኤፒውን በኤፒ፣ ሲፒውን በሲፒ ሣጥን ያስገቡ። በሲኤስሲ ሣጥን ውስጥ ግን ሁለት አማራጭ አለዎት፦ የሲኤስሲው ፋይል መረጃን ያጠፋል፤ የሆም ሲኤስሲው ፋይል ያቆያል። ቡትሎደሩን ሊቆልፉ ካሰቡ መረጃው በማንኛውም መንገድ ስለሚጠፋ የሲኤስሲውን ፋይል ይምረጡ፤ ከሩት ጊዜ የቀረ ቅሪት እንዳይኖር ንጹሕ ጅማሬ ይሰጣል።

የኤፒውን ፋይል ሲያስገቡ ኦዲን ለደቂቃዎች ደንዝዞ የቆመ ይመስላል፤ ዊንዶውስም መስኮቱ መልስ እንደማይሰጥ ሊጽፍበት ይችላል። አልተበላሸም። ፋይሉ ትልቅ ስለሆነ መጨረሻው ላይ የታተመውን የማረጋገጫ ቁጥር እያሰላ ነው፤ ይህም በማውረድ ላይ የተበላሸ ፋይል ወደ ስልኩ እንዳይገባ የሚከላከል ምርመራ ነው። መስኮቱን አይዝጉት። በዚህ ቦታ ተደናግጠው ኦዲንን ዘግተው፣ ኤፒውን ትተው ሌሎቹን ብቻ የሚጭኑ ሰዎች አሉ፤ ቡት ኢሜጁ ያለው ግን በዚያው በኤፒው ውስጥ ስለሆነ የደከሙበት ነገር ሳይፈጸም ይቀራል።

7. «ስታርት» ይጫኑ። ከዚህ በኋላ ኬብሉንም ሆነ ስልኩን አይንኩ። በአረንጓዴ ሣጥን «ፓስ» የሚል ጽሑፍ ሲወጣ ስልኩ ራሱ ይነሣል። የመጀመሪያው መነሣት ከወትሮው ረዘም ይላል፤ ብዙ ደቂቃ ሊወስድ ስለሚችል ይጠብቁ።

በሌሎች ስልኮች

በፒክስል ላይ ሥራው ቀላል ነው። ጉግል ራሱ ያዘጋጀው አንድሮይድ ፍላሽ ቱል የተባለ ድረ ገጽ በክሮም በኩል ስልኩን አውቆ ትክክለኛውን ሶፍትዌር ይጭናል። ማጥፊያና መቆለፊያ ምርጫዎች እዚያው አሉ፤ መጀመሪያ ያለ መቆለፍ ይጫኑ። ቡት ኢሜጁን ብቻ በፋስትቡት (ከኮምፒውተር በሚጻፍ ትዕዛዝ የስልኩን ክፍሎች በሚጭነው ዘዴ) መመለስ ከፈለጉ ደግሞ፣ ፒክስል 6 ላይ የሚተካው «ቡት» ሲሆን ከፒክስል 7 ጀምሮ «ኢኒት ቡት» መሆኑን ያስተውሉ። ከአንድሮይድ 13 ጋር የወጡ ስልኮች ማጂስክ የሚነካውን ክፍል ወደ ኢኒት ቡት ስላዛወሩት ነው። ኢሜጁ በስልኩ ላይ ካለው ቢልድ ጋር በትክክል አንድ መሆን አለበት።

በሻዎሚ ላይ ሚ ፍላሽ የተባለው ፕሮግራም ያገለግላል። ትልቁ አደጋ ከታች በስተቀኝ ያለው ምርጫ ነው፤ በብዙ እትሞች ላይ ፕሮግራሙ ሲከፈት የተመረጠው «ክሊን ኦል ኤንድ ሎክ» ነው፤ ይህም አጥፍቶ ወዲያውኑ ይቆልፋል። ስልኩ ለቻይና ገበያ የተሠራ ሆኖ የዓለም አቀፍ ሶፍትዌር ከተጫነበት፣ ሲቆለፍ ይህ ሶፍትዌር በዚህ ስልክ ላይ አይሠራም የሚል መልእክት አውጥቶ ይዘጋል። ስለዚህ ሁልጊዜ «ክሊን ኦል» የሚለውን ብቻ ይምረጡ፤ መቆለፉ ለብቻው በኋላ ይታሰብበታል።

በሚዲያቴክ ፕሮሰሰር የሚሠሩ ቴክኖና ኢንፊኒክስ ስልኮች ኤስፒ ፍላሽ ቱል በተባለው ፕሮግራምና ከፈርምዌሩ ጋር በሚመጣ ስካተር ፋይል (የስልኩን የማከማቻ ክፍሎች በሚዘረዝር ፋይል) ይጫናሉ። ምርጫው «ዳውንሎድ ኦንሊ» ላይ ይሁን። «ፎርማት ኦል» የሚለውን ምርጫ ከነኩ የስልኩ አይኤምኢአይ ቁጥርና የኔትወርክ መለኪያው የሚቀመጥበት ክፍል አብሮ ይጠፋል፤ ስልኩ ይነሣል፤ ሲም ካርዱ ግን ኔትወርክ አያገኝም። አዳዲሶቹ ሞዴሎች የአምራቹን ፈቃድ ስለሚጠይቁ በቤት ውስጥ ላይሳካ ይችላል፤ ይህ ከገጠመዎት ወደ አምራቹ የጥገና ማዕከል መውሰድ የተሻለ ነው።

ደረጃ 7፦ ቡትሎደሩን ይቆልፉ

ከመቆለፍዎ በፊት ስልኩ በፋብሪካ ሶፍትዌር ተነሥቶ፣ ዋይፋይ፣ ሲም ካርድና ካሜራ መሥራታቸውን፣ ማጂስክም አለመኖሩን ያረጋግጡ። ከዚያ ብቻ ይቀጥሉ።

በሳምሰንግ ላይ እንደ በፊቱ ወደ ሰማያዊው የማስጠንቀቂያ ገጽ ይግቡ፤ አሁን ግን ድምፅ መጨመሪያውን በአጭሩ በመጫን ፈንታ ገጹ እስኪለወጥ ድረስ ተጭነው ይያዙት። የመቆለፊያ ጥያቄው ሲመጣ በድምፅ መጨመሪያው ያጽድቁ። ስልኩ መረጃውን አጥፍቶ ይነሣል። በመጨረሻ በዲቨሎፐር ኦፕሽን ውስጥ «ኦኢኤም አንሎክ» የሚለውን (ቡትሎደሩ እንዲከፈት የሚፈቅደውን ምርጫ) ያጥፉ።

በፒክስል ስልኩን በፋስትቡት ሞድ አስገብተው በኮምፒውተሩ ላይ «ፋስትቡት ፍላሺንግ ሎክ» የሚለውን ትዕዛዝ በትናንሽ የእንግሊዝኛ ፊደላት ይጻፉና በስልኩ ላይ በድምፅ ቁልፎቹ መርጠው በፓወር ቁልፉ ያጽድቁ።

ሻዎሚን በሚመለከት፣ ስልኩ መጀመሪያ ለየትኛው ገበያ እንደተሠራ በእርግጠኝነት ካላወቁ እንዳይቆልፉት እመክራለሁ። ክፍት ቡትሎደር ያለው የሚሠራ ስልክ ከተዘጋ ስልክ ይሻላል።

ደረጃ 8፦ ያረጋግጡ

ስልኩ ሲነሣ ቡትሎደሩ ክፍት ነው የሚለው ማስጠንቀቂያ መጥፋት አለበት። በፕሌይ ስቶር ውስጥ የመገለጫ ሥዕልዎን ተጭነው ወደ ሴቲንግ፣ ከዚያም ወደ «አባውት» ይሂዱ፤ የፕሌይ ፕሮቴክት ማረጋገጫ በሚለው ሥር ስልኩ የተረጋገጠ መሆኑ ይጻፋል። ከዚህ በተጨማሪ ሩት መኖሩን የሚመረምር መተግበሪያ ጭነው ይሞክሩ። በመጨረሻም በሴቲንግ በኩል የሶፍትዌር ዝመና ይፈልጉ፤ አንድሮይድ ዝመናን የሚጭነው በስልኩ ላይ ያሉት ክፍሎች አምራቹ እንደላካቸው መሆናቸውን መርምሮ ስለሆነ፣ ዝመናው ያለ እንከን መግባቱ ጠንካራ ማስረጃ ነው።

ብዙ ጊዜ የሚያጋጥሙ ስህተቶች

የማጂስክን መተግበሪያ እንደ ማንኛውም መተግበሪያ ጎትቶ ማጥፋት። መተግበሪያው መቆጣጠሪያ ብቻ ነው፤ ሩቱ በቡት ኢሜጁ ውስጥ እንዳለ ይቀራል። ይህን አድርገው ከሆነ መተግበሪያውን መልሰው ይጫኑና ከደረጃ 4 ይጀምሩ።

ቡትሎደሩን ሳይቆልፉ «ኦኢኤም አንሎክ» የሚለውን ማጥፋት፣ በተለይ ሩቱ ገና እያለ። በሳምሰንግ ላይ ይህ ስልኩ ሲነሣ ኦሪጅናል ያልሆነ ሶፍትዌር አልፈቅድም ብሎ እንዲቆም ሊያደርግ ይችላል። መፍትሔው ሙሉውን ፈርምዌር በኦዲን መጫን ነው፤ ዳውንሎድ ሞድ እስከተከፈተ ድረስ ስልኩ አልሞተም።

ኦዲን ላይ በቀይ «ፌይል» መውጣት። በስልኩ ማያ ገጽ ላይ ያለውን ትንሽ ጽሑፍ ያንብቡ፤ ምክንያቱን የሚናገረው እሱ ነው። «ኤስደብሊው ሬቭ ቼክ ፌይል» ካለ የፈርምዌሩ ደረጃ አንሷል ማለት ስለሆነ አዲስ ያውርዱ። ጽሑፍ ከሌለና ሥራው መሃል ላይ ከተቋረጠ በመጀመሪያ ኬብሉን ይጠርጥሩ።

ሁሉም ነገር በትክክል ተፈጽሞ የባንክ መተግበሪያው አሁንም አለመክፈት። አንዳንድ የባንክ መተግበሪያዎች ከሩት ሌላ የዲቨሎፐር ኦፕሽንና የዩኤስቢ ዲበጊንግ መከፈትንም እንደ አደጋ ይቆጥራሉ። ሁለቱንም ያጥፉ፣ መተግበሪያውን ያጥፉትና ከፕሌይ ስቶር እንደ አዲስ ይጫኑት፤ ከሰው የተላከልዎትን የኤፒኬ ፋይል አይጠቀሙ።